ከናጋድ እስከ ምኒልክ አደባባይ፦ በእግር የሚነበብ ታሪካችን

ጅቡቲ የምንኖር ኢትዮጵያውያን ስለ ራሳችን ስንናገር አዘውትረን የምንጠቀምበት አንድ ቃል አለ፤ እሱም «መንገደኛ» የሚለው ነው። «እስከ መቼ ነው የምትቆዩት?» ተብለን ስንጠየቅ «ለጊዜው ነው» እንላለን። ለጊዜው ብለን መጥተን ትዳር መሥርተናል፤ ልጅ ወልደን አስተምረናል፤ ወላጆቻችንንም በዚህች ምድር ቀብረናል። ያም ሆኖ ከተማዋን እንደ ማለፊያ በር እንጂ የእኛም እጅ እንዳለባት ቤት አናያትም። ልጆቻችንም ይህንኑ ከእኛ ሰምተው ያድጋሉ።

ማኅበራችን ይህን የኢዮቤልዩ በዓል ሲያከብር፣ ወጣቶቻችንን ይዘን የድሮውን ከተማ በእግር የምንጎበኝበትን መንገድ በጽሑፍ ማስቀመጥ ተገቢ ሆኖ አገኘነው። መንገዱ አጭር ነው። ጠዋት ፀሐይ ሳይበረታ ከተነሣን እስከ ረፋድ እንጨርሰዋለን። ከኅዳር እስከ የካቲት ባለው ወራት ቢሆን ይመረጣል፤ የሐምሌን ንዳድ ለምታውቁት የበለጠ ማስረዳት አያስፈልግም። ዓመታቱን የምንጽፈው እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ሲሆን፣ በእኛ አቆጣጠር ሲሆን «ዓ.ም.» ብለን እንለያለን።

ናጋድ

ጉብኝታችን የሚጀመረው በናጋድ ነው፤ ዛሬ በባቡር ወደ ጅቡቲ የሚመጣ ሰው የሚወርደው እዚህ ነውና። ጣቢያው ከመሐል ከተማው ወጣ ብሎ፣ ከአምቡሊ አውሮፕላን ማረፊያ ባሻገር ይገኛል። የአዲሱ ባቡር የኢትዮጵያው ክፍል በጥቅምት 5 ቀን 2016 ከተመረቀ በኋላ፣ የጅቡቲው ክፍል ደግሞ በጥር 10 ቀን 2017 በዚሁ በናጋድ ጣቢያ የሁለቱ አገሮች መሪዎች በተገኙበት ተመረቀ። መደበኛ ሥራውን የጀመረው በጥር 1 ቀን 2018 ነው። ሐዲዱን የሠሩት የቻይና ኩባንያዎች ናቸው፤ ርዝመቱ ከ750 ኪሎ ሜትር በላይ ሲሆን የሚሠራውም በኤሌክትሪክ ነው።

ይሁን እንጂ ናጋድ የሚለው ስም ለብዙዎቻችን ከባቡሩ በፊትም አዲስ አልነበረም። ሕጋዊ ወረቀት የሌላቸው መንገደኞች ወደ ጠረፍ ከመመለሳቸው በፊት የሚቆዩበት የፖሊስ ግቢ ያለው በዚሁ ስፍራ ነው። ከመካከላችን ዘመዱን ፍለጋ ወይም የአገሩን ልጅ ለመጠየቅ ወደ ናጋድ ያልተመላለሰ ቤተሰብ ጥቂት ነው። ስለዚህ በአንድ ስም ሁለት ነገር እናስታውሳለን፤ በአንድ በኩል ሰንደቅ ዓላማ የተውለበለበበትን የምረቃ በዓል፣ በሌላ በኩል ባዶ እግሩን የመጣውን ወጣት። ጉብኝቱን ከዚህ የምንጀምረውም ለዚሁ ነው።

አዲሱ ጣቢያ ሰፊና ያማረ ነው፤ ነገር ግን ከእሱ የወጣ ሰው በታክሲ ተሳፍሮ በቀጥታ ወደሚሄድበት ይሄዳል። አሮጌው ጣቢያ ግን ከከተማው ጋር የተያያዘ ስለ ነበር፣ ከባቡር የወረደ ሰው ዕቃውን ተሸክሞ በእግሩ የከተማዋን ታሪክ እያቋረጠ ነበር የሚገባው። እኛም ከናጋድ በመኪና ተነሥተን፣ የአምቡሊን ደረቅ ወንዝ ተሻግረን፣ በቁጥር የሚጠሩትን ካርቲዬዎች አልፈን መሐል ከተማ ስንደርስ ከመኪና እንወርዳለን። ከዚህ በኋላ ያለው ጉዞ በእግር ነው።

የማሕሙድ ሐርቢ አደባባይና የሐሙዲ መስጊድ

የመጀመሪያው ማረፊያችን ሚኒባሶችና ነጋዴዎች የሚጋፉበት የማሕሙድ ሐርቢ አደባባይ ነው። ማሕሙድ ሐርቢ በ1958 በተደረገው ሕዝበ ውሳኔ ከፈረንሳይ መለየትን ደግፎ የቆመና በ1960 በአውሮፕላን አደጋ የሞተ የጅቡቲ የነጻነት ታጋይ ነው። ከእሱ በፊት አደባባዩ የሚጠራው በፈረንሳዊው ባለቅኔ በአርተር ራምቦ ስም ነበር።

ራምቦ በእኛ ታሪክ ውስጥም ስሙ አለ። በ1885 መጨረሻ ከዚህ ባሕረ ሰላጤ ማዶ ባለችው በታጁራ ተቀምጦ፣ ለሸዋው ንጉሥ ለምኒልክ የሚሸጥ ወደ 2,000 የሚጠጋ ጠመንጃ የሚጭንለት ግመል አጥቶ ወራት ፈጅቷል። በ1886 ተነሥቶ፣ የጨው ሐይቁን አሳልን አልፎ፣ በቀጣዩ ዓመት መጀመሪያ አንኮበር ሲደርስ ንጉሡ ሐረርን ለመያዝ ዘምተው ጠበቃቸው። በመጨረሻም ንግዱ እንዳሰበው አልሆነለትም። ያ ከታጁራ ወደ ደጋው የሚወጣው የሲራራ ነጋዴ መንገድ፣ ዛሬ ወጣቶቻችን ወደ ኦቦክ የሚወርዱበት መንገድ ነው። በዲኪል፣ በአሳልና በታጁራ በኩል በእግራቸው ተጉዘው፣ ከኦቦክ በጀልባ ወደ የመን ይሻገራሉ። በሚያዝያ ወር 2024 ብቻ በኦቦክ አውራጃ በጎዶሪያ ባሕር ዳርቻ አካባቢ ሁለት ጀልባዎች ሰጥመው በአሥሮች የሚቆጠሩ ወገኖቻችን አልቀዋል። የእኛ የእግር ጉብኝት የደስታ ነው፤ በእግር መሄድ ለሁሉም እንዲህ እንዳልሆነ ግን ለልጆቻችን የምንነግራቸው እዚህ ቆመን ነው።

ከአደባባዩ ቀና ስንል የሐሙዲ መስጊድ ሚናሬት ይታየናል። በ1906 በአንድ የየመን ተወላጅ ነጋዴ ወጪ የተሠራ ሲሆን፣ በስሙ ይጠራል። ሰፊ መሠረት ላይ የቆመው ይህ ነጭ ሚናሬት ከመቶ ዓመት በላይ የከተማዋ መለያ ሆኖ ቆይቷል። የጁምዓ ሶላት ከመጀመሩ በፊት በውጭ ቆሞ መመልከት ይቻላል። በአቅራቢያው ባለው «ሌ ኬስ» በሚባለው ገበያ ከሚሸጡት ቅርጫቶችና ጨርቃ ጨርቆች መካከል ከሐረርና ከድሬዳዋ የመጡትን ልጆቻችን ራሳቸው ለይተው እንዲያወጡ እናደርጋለን። ወዲያው ያውቋቸዋል።

የምኒልክ አደባባይ

ከመስጊዱ ወደ ሰሜን ጥቂት መንገዶችን ስንሻገር ከተማዋ መልኳን ትለውጣለች። ካርቲዬዎቹ ቀርተው ባለ ቅስት በረንዳ ነጫጭ ሕንፃዎች ይጀምራሉ። የምኒልክ አደባባይ የምንለው ይህ ነው። ዛሬ ሕጋዊ ስሙ «የሰኔ 27 ቀን 1977 አደባባይ» ሲሆን፣ ጅቡቲ ነጻ የወጣችበትን ዕለት ያስታውሳል። አሮጌው ስም ግን ከሰው አፍ አልወጣም፤ ታክሲ ነጂ «ምኒልክ» ስንለው ወደዚህ ያመጣናል።

እዚህ ቆመን ግድግዳውን እንዳስሳለን። የአሮጌዎቹ ቤቶች ግንብ ከባሕር በወጣ የኮራል ድንጋይና በኖራ የተሠራ ነው። ድንጋዩ ቀዳዳ ቀዳዳ ስላለው ሙቀትን ያበርዳል፤ በቅስቶቹ ሥር ያለው በረንዳም እግረኛው ከፀሐይ ተከልሎ እንዲሄድ ያስችላል። የእንጨት መስኮቶቹ ነፋስ ያስገባሉ፤ ብርሃን ግን ይከለክላሉ። በሥራው የየመን ግንበኛ፣ የፈረንሳይ መሐንዲስና የሕንድ ነጋዴ አሻራ ተቀላቅሏል። የጨው ነፋስ ልስኑን እየላጠ ስለሚጥለው በየጊዜው ካልታደሰ አይበረክትም።

ታዲያ ምኒልክ መጥተው በማያውቁበት ከተማ አደባባይ በስማቸው የተሰየመው ለምንድን ነው? መልሱ የከተማዋ የልደት ታሪክ ነው። ፈረንሳዮች በመጀመሪያ የሰፈሩት በኦቦክ ነበር። አገረ ገዢው ሌኦንስ ላጋርድ ለመርከብ የተሻለ መጠለያና ወደ ኢትዮጵያ ደጋ የሚያወጣ የተመቸ መንገድ ያገኘው ግን በዚህኛው ዳርቻ ነው። በ1888 ከተማዋ ተቆረቆረች፤ በ1890ዎቹም የአስተዳደሩ መቀመጫ ከኦቦክ ወደዚህ ተዛወረ። የዓድዋ ድል በተገኘ በዓመቱ፣ በመጋቢት 1897 ላጋርድ አዲስ አበባ ወጥቶ ከዳግማዊ ምኒልክ ጋር ውል ተፈራረመ። በዚያ ስምምነት ወሰን ተሰመረ፤ ጅቡቲም የኢትዮጵያ ንግድ መውጫ በር እንድትሆን ተወሰነ። ምኒልክም ለላጋርድ «የእንጦጦ መስፍን» የሚል ማዕረግ ሰጡት። አንዱ በእንጦጦ ማዕረግ ተቀበለ፤ የሌላው ስም በጅቡቲ አደባባይ ቀረ። ከተማዋ ለኢትዮጵያ ንግድ ታስባ የተቆረቆረች ናት ብንል ማጋነን አይሆንም።

ከዚያ ጊዜ ጀምሮ ወደ ኢትዮጵያ የሚወጣ የውጭ አገር ሰው አብዛኛውን ጊዜ ከመርከብ የሚወርደው እዚህ ነበር። በ1930 ለቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘውድ በዓል የመጡት የመንግሥታት እንግዶች፣ እንግሊዛዊው ደራሲ ኤቨሊን ዋህም ጭምር፣ በጅቡቲ ወርደው በባቡር ነው ወደ አዲስ አበባ የወጡት። ከዳካር እስከ ጅቡቲ አፍሪካን ያቋረጠው የማርሴል ግሪዮል የጥናት ቡድንም ጉዞውን በ1933 መጀመሪያ የቋጨው በዚህች ከተማ ነው። ይህ ቡድን በ1932 ጎንደር ተቀምጦ ሳለ፣ በአባ እንጦንስ ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ የነበሩትን ጥንታዊ ሥዕሎች አንሥቶ፣ በቡድኑ ሠዓሊ የተሠራ ቅጂ በምትካቸው አስቀምጧል። ኦሪጅናሎቹ ዛሬም ፓሪስ በሚገኘው በኬ ብራንሊ ሙዚየም ናቸው። ከመካከላችን ከጎንደር የመጣን ሰዎች ይህን ታሪክ ለልጆቻችን ስንነግራቸው የሚጠይቁን ጥያቄ ሁልጊዜ አንድ ነው፤ «መቼ ይመለሳሉ?» ይሉናል።

የኢትዮጵያ መንገድ

ከአደባባዩ አጠገብ «ሩ ዴትዮፒ»፣ በእኛ ቋንቋ የኢትዮጵያ መንገድ የሚባለውን እናገኛለን። በቀን ፀጥ ያለ ነው፤ ማታ ማታ ግን በምግብ ቤቶቹና በመጠጥ ቤቶቹ ይደምቃል። የአገራችን ሴቶች ብዙዎቹ ኑሯቸውን የጀመሩት በዚህ መንገድና በዙሪያው ባሉት ቤቶች ነው፤ በምግብ አብሳይነት፣ በአስተናጋጅነት፣ በቤት ሠራተኝነት። ስለ እነሱ ታሪክ ሲጻፍ አላየንም። ይሁን እንጂ በየወሩ አገር ቤት የተላከው ገንዘብ፣ የተማሩት ወንድሞችና እህቶች፣ በድሬዳዋና በደሴ የቆሙት ቤቶች የእነሱ የላብ ፍሬ ናቸው። በዚህ መንገድ ስናልፍ ድምፃችንን ዝቅ አድርገን፣ ለእናቶቻችን የሚገባውን ክብር እንድንሰጥ ወጣቶቻችንን እናሳስባለን።

አሮጌው ባቡር ጣቢያ

ከዚህ ተነሥተን በቡልቫር ደ ላ ሬፑብሊክ ወደ ላይ እንሄዳለን። በመንገዳችን በ1964 የተሠራውን የካቶሊኮች ካቴድራል እናልፋለን። ወደ ፕላቶ ዱ ሰርፓን ስንደርስ የጉብኝታችን መጨረሻ የሆነውን አሮጌውን ጣቢያ እናገኛለን።

የባቡሩን ፈቃድ ምኒልክ በ1894 ለስዊሱ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ ሰጡ። ሥራው ከጅቡቲ የተጀመረው በ1897 ነው። በሆልሆል ገደል ላይ ድልድይ ተሠርቶ፣ በአሊ ሳቢህና በደወሌ አልፎ፣ በ1902 መጨረሻ ሐዲዱ ዛሬ ድሬዳዋ ከምንለው ስፍራ ደረሰ። የሐረር ተራራ ለባቡር ስላልተመቸ፣ በተራራው ግርጌ አዲስ ከተማ ተመሠረተ፤ መጀመሪያም «አዲስ ሐረር» ተባለ። ከዚያም ገንዘብ አለቀና ኩባንያው ፈረሰ። በ1908 በሌላ ኩባንያ ሥራው ተቀጥሎ ባቡሩ አዲስ አበባ የገባው በ1917 ነው። ምኒልክ ካረፉ ሦስት ዓመት አልፎ ነበርና ባቡራቸው መዲናቸው ሲገባ አላዩም። የመስመሩ ሙሉ ርዝመት 784 ኪሎ ሜትር ነበር። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የሚጓዘው በቀን ብቻ ስለ ነበር፣ መንገደኛው በድሬዳዋና በአዋሽ እያደረ በሦስተኛው ቀን ይደርሳል።

ከዚህ መስመር ጋር ቃላትም ተጉዘዋል። ለገሃር የምንለው የአዲስ አበባ ሰፈር ስሙን ያገኘው ጣቢያ ከሚለው የፈረንሳይኛ ቃል ነው። ፉርጎ፣ ሾፌር፣ ቢሮና ሸሚዝም የዚያው ቋንቋ ዘመዶች ናቸው። ልጆቻችን እዚህ በትምህርት ቤት የሚማሩት ፈረንሳይኛ አያቶቻቸው ሳያውቁት ይናገሩት የነበረ መሆኑን ሲሰሙ ይስቃሉ።

ይህ ጣቢያ የሐዘን ቀንም አይቷል። በሚያዝያ 24 ቀን 1928 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥት ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ የጣሊያን ጦር ሳይደርስባቸው ከነቤተሰባቸው አዲስ አበባን በባቡር ለቅቀው በማግሥቱ ጅቡቲ ገቡ። በሚያዝያ 26 ቀን «ኢንተርፕራይዝ» በምትባል የእንግሊዝ የጦር መርከብ ወደ ሐይፋ ተጓዙ። ከእሳቸው ጋርና ከእሳቸው በኋላ ብዙ ስደተኛ በዚህ በር ወጥቷል። በዘመናችን ስደት ብለን የምንጠራው ነገር በዚህች ከተማ የጀመረው በእኛ አይደለም ማለት ነው።

ከጦርነቱ በኋላ በ1959 በተደረገ ስምምነት ኩባንያው የኢትዮጵያና የፈረንሳይ እኩል ድርሻ ሆነ፤ ዋና መሥሪያ ቤቱም ከፓሪስ ወደ አዲስ አበባ ዞረ። ከጅቡቲ ነጻነት በኋላ ደግሞ የኢትዮጵያና የጅቡቲ የጋራ ንብረት ሆነ። በ1977 በኦጋዴን ጦርነት ድልድዮቹ ተሰብረው ባቡሩ ቆሞ ነበር። በዚያው ዘመን ብዙ ወገኖቻችን ተሰደው በአሊ ሳቢህና በዲኪል መጠለያዎች ሰፍረዋል። በ1991 ደርግ ሲወድቅ ደግሞ ወታደሮችና ቤተሰቦቻቸው ድንበሩን ተሻግረው ገቡ። በ1998 የኢትዮጵያና የኤርትራ ጦርነት ሲነሣ የአገራችን ንግድ ከሞላ ጎደል በሙሉ ወደ ጅቡቲ ወደብ ዞረ፤ ከእሱም ጋር ሾፌሩ፣ አስተላላፊውና ነጋዴው መጣ። ያረጀው ባቡር ግን ያን ሁሉ ጭነት መሸከም ስላልቻለ ሥራው በከባድ መኪና ተወሰደ። በ2000ዎቹ መጨረሻ ባቡሩ ከጅቡቲ እስከ አዲስ አበባ መመላለሱን አቆመ።

ከማኅበራችን አባላት መካከል አንዱን ወይም ሌላውን ማዕበል ተከትሎ ያልመጣ የለም ማለት ይቻላል። አንዱ የባቡር ሠራተኛ ልጅ ነው፤ ሌላው የ1970ዎቹ ስደተኛ፤ ሌላዋ ከ1998 በኋላ ሥራ ፍለጋ የመጣች ናት። ሁላችንም ግን «ለጊዜው ነው» ብለን ነበር።

ለልጆቻችን ምን እንተው?

ጉብኝቱን ስንጨርስ በአሮጌው ጣቢያ ጥላ ሥር ተቀምጠን ውኃ እንጠጣለን። ያን ጊዜ ለወጣቶቻችን የምንነግራቸው ቁም ነገር ይህ ነው። ይህች ከተማና አገራችን እርስ በርስ ተሳስረው ነው የኖሩት። ጅቡቲ የኢትዮጵያ በር ናት። ከ2011 ጀምሮ ጅቡቲ ከምታበራው መብራት ብዙው ከኢትዮጵያ በመጣ ኃይል ነው፤ ከ2017 ጀምሮም ከሐዳጋላ የጉድጓድ ውኃ በቧንቧ ይመጣላታል። የኢትዮጵያ ዕቃ በበኩሉ የሚገባውና የሚወጣው በእሷ ወደብ ነው። በእነዚህ ግድግዳዎች መካከል የሚሄድ የኢትዮጵያ ልጅ የሰው ቤት የገባ እንግዳ ብቻ አይደለም፤ ባለቤት ነኝ የሚልበት ሥልጣንም የለውም። እሱ ጎረቤት ነው። ጎረቤት የባለቤቱን ደንብ ያከብራል፤ ቋንቋውን ይማራል፤ ሐዘኑንና ደስታውን ይካፈላል፤ የራሱንም ታሪክ አይረሳም።

ሥጋታችን የራሳችን ታሪክ መጥፋቱ ነው። የአደባባዩን ስም፣ የጣቢያውን ዓመት፣ የውሉን ቀን መጻሕፍት ይዘውታል። በየትኛው ካርቲዬ የመጀመሪያው የእንጀራ ምጣድ እንደ ተጣደ፣ አሮጌው ባቡር ሲገባ ማን ማንን ሊቀበል እንደሚወጣ፣ በሐዘን ጊዜ ድንኳን የት ይተከል እንደ ነበር የሚያውቁት ግን አዛውንቶቻችን ብቻ ናቸው። እነሱም አንድ በአንድ እየተለዩን ነው። «በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል» እንዲሉ፣ ሳንጽፈው ከቀረን የልጅ ልጆቻችን ከናጋድ ወርደው ታክሲ ይሳፈራሉ እንጂ አያቶቻቸው የሄዱበትን መንገድ አያውቁትም።

ስለዚህ እያንዳንዱ ቤተሰብ ሁለት ነገር እንዲያደርግ እንጠይቃለን። አንደኛው፣ በቤቱ ያለውን አረጋዊ ቁጭ ብሎ ጠይቆ የሚሉትን በወረቀት ወይም በድምፅ መያዝና ለማኅበራችን ማስረከብ ነው። የድሮ የባቡር ትኬት፣ የሥራ መታወቂያ፣ በምኒልክ አደባባይ የተነሣ ፎቶግራፍ ያለውም ቅጂውን ይስጠን። ሁለተኛው፣ በዓመት አንድ ጊዜ እንኳ ልጆቹን ይዞ ይህን መንገድ በእግሩ መሄድ ነው። ቤተ መንግሥቱንና ወደቡን ፎቶ አታንሡ፤ በመስጊዱ ደጃፍ በአክብሮት እለፉ፤ በየሱቁ ደጃፍ የተቀመጡትን ሽማግሌዎች ሰላም በሉ። ብዙዎቹ በአማርኛ ይመልሱላችኋል።

መጪው ዘመን ለማኅበራችን፣ ላስጠጋችን ለጅቡቲ ሕዝብና ለአገራችን ሰላምና ፍቅር የሰፈነበት ይሁንልን። በመንገድ ላይ ያሉትን ወገኖቻችንን በሰላም ለቤታቸው ያብቃልን።